ከሮም የመጣ «ይፍቱኝ»

—ሄሎ... አቤት... እጅጉ ነህ? ትሰማኛለህ?... እኔ ነኝ፣ የነፍስ አባትህ፣ ገብረ ሕይወት።

ቄስ ገብረ ሕይወት የስልኩን እጀታ እንደ ጽዋ በሁለት እጃቸው ይዘውታል። እጅጉ ከሮም ቴሌግራም ልኮ፣ እናቱንና እሳቸውን ፍኖተ ሰላም ስልክ ቤት ቀጥሯቸው ነበርና ከቡሬ ገጠር በጭነት መኪና ተሳፍረው መጡ። እናቱ አቻምየለሽ አግዳሚው ላይ ተቀምጣ ተራዋን ትጠብቃለች። የልጇን ድምፅ ከሰማች ዓመታት አልፈዋል።

—ደኅና ነን። እናትህም እዚሁ ናት... መጀመሪያ ከእኔ ጋር?... እሺ፣ በል ተናገር።

እጅጉ ቡሬ ሜዳ ላይ ጉግስ ሲጫወት ያደገ ነው። አስመራ ሄደ፣ ከዚያ ሮም ተሻግሮ ሲኒማ ከሚሠሩ ሰዎች ዘንድ ገባ። ሥራው መውደቅ ነው። ዋናው ተዋናይ ከፈረስ የሚወድቅበት ቦታ ሲደርስ፣ የእሱን ልብስ ለብሶ፣ ፊቱን በሻሽ ሸፍኖ እጅጉ ይወድቅለታል። በየአገሩ ሲኒማ ቤት ሲወድቅ ያላየው የለም፤ ፊቱን ያየ ግን የለም።

—ከገደል?... ከነፈረሱ?... ታች ውኃው ጥልቅ ነው?... አላየኸውም። ካንተ በፊት የሞከረውስ?... ወገቡን። እህ... ፈረሱስ ምን ይላል?... አትሳቅ። ዓይኑን ይሸፍኑታል?... እንግዲያ ከሁለታችሁ እሱ ይሻላል።

ዝላዩ ነገ ጠዋት ነው። ከተሳካለት ሻሹ ይወርድለታል፣ የሚናገርበት ቦታ ይሰጠዋል፣ ስሙ ይጻፋል። ይህን ቀን ሲጠብቅ ኖሯል። ግን ሳይፈታ መዝለል ፈራ፤ ይፍቱኝ ይላል።

ቄሱ ጦር ሜዳ ለሚሄድ ፈትተዋል፤ ምጥ ለጠናባትም ፈትተዋል። ለጨዋታ ብሎ ራሱን ከገደል ለሚወረውር ምን እንደሚባል ያስተማራቸው የለም። ከፈቱት ልቡ ተረጋግቶ ይዘላል። ካልፈቱትስ?

—ባልፈታህ ትቀራለህ?... እውነቱን ንገረኝ... አትቀርም።

አቻምየለሽ ገደል የሚለውን ሰምታ ኖሮ ከአግዳሚው ተነሣች።

—ቆይ ልጄ፣ ደኅና ነው፣ ተራሽ ይደርሳል... ሄሎ፣ አለህ?... አዎ፣ እሷ ናት... አልነግራትም። መስቀል አለህ?... እንግዲያ ስማ። የእኔን መስቀል ከስልኩ አፍ ላይ አሳርፈዋለሁ፤ ስጨርስ አንተ በዚያ በኩል ተሳለም። በል ጎንበስ በል።

መስቀላቸውን አውጥተው ከእጀታው ላይ አሳረፉና በግዕዝ ጀመሩ። ክንዱ የሚባለው ስልከኛ ጊዜው አጭር ነው ብሎ አስቀድሞ ነግሯቸዋል፤ እሳቸው ግን አሳጥሮ መፍታት አያውቁበትም። ደብራቸው ውስጥ እንደሚያደርጉት፣ ቃል ሳይዘሉ፣ ሳይቸኩሉ፣ እስከ አባታችን ሆይ አደረሱት።

—እግዚአብሔር ይፍታህ... ተሳለምክ?... ሄሎ... እጅጉ፣ ተሳለምክ ወይ?

ክንዱ አንገቱን ደፍቶ ቆሟል። መስመሩ ጸሎቱ መሃል ላይ ተቆርጧል፤ አቋርጦ መናገር አፍሮ ነው ዝም ያለው። የቱ ቃል ላይ እንደተቆረጠ አላስተዋለም። አዲስ አበባን ደጋግሞ ጠራ፤ ሮም አልተገኘም።

«ምን አለ አባቴ?» አለች አቻምየለሽ።

«ጸልዩልኝ አለ።»

«ለጥምቀት ይመጣል?»

ቄሱ እጀታውን ሰጧት። ጆሮዋ ላይ ለጥፋ ብዙ አዳመጠች። ከዚያ መስቀሉ ያረፈበትን ቦታ ተሳለመችና ለክንዱ መለሰችለት። ክንዱም ስልኩን ዘጋው።