የፕሬዚዳንቱ ስም በሹክሹክታ

እዚህ ጆርጂያ፣ በቡፎርድ ሃይዌይ አውቶቡስ ከፊቴ የተቀመጡት አዛውንት ለዜግነት ኢንተርቪው እየሄዱ ነው፤ አጠገባቸው የተቀመጠች የማያውቋት ሐበሻ ልጅ ታስጠናቸው ጀመር።

«ጋሼ፣ አሁን ፕሬዚዳንቱ ማን ነው?»

ወደ ጆሮዋ ጠጋ ብለው አንሾካሾኩ።

«አልሰማሁዎትም።»

«ቀስ በይ፣ ሰው ይሰማል!»

«ኖ፣ ኖ! ጠያቂዋ ኦፊሰር ካልሰማችዎት ፈተናውን ፌል ያደርጋሉ።»

«የመሪ ስም በአውቶቡስ ይጮኻል እንዴ?»

«ጋሼ ደግሞ! ያ የኛው የጆርጂያ ኦቾሎኒ ገበሬ ፕሬዚዳንት ሆኖ፣ በምርጫ ሲሸነፍ ምን የሆነ ይመስልዎታል?»

«አሰሩት?»

«ኧረ መንደሩ ገባ! እሁድ እሁድ ቤተክርስቲያን እያስተማረ፣ ሸምግሎ ሞተ።»

«በገዛ አልጋው?»

«በገዛ ቤቱ።»

አዛውንቱ ትንሽ አሰቡና ጉሮሯቸውን ጠርገው የፕሬዚዳንቱን ስም ጮክ ብለው ጠሩ።

እኔ ግን ሳላስበው፣ ማን እንደሰማ ለማየት ወደ ኋላዬ ዞርኩ።