ከአራት ጫማ በፊት ዜሮ

የምስክር ስም፦ አበጀ አማረ
ዕድሜ፦ 51
ሥራ፦ አናጺ
አድራሻ፦ ሬኒየር ቢች፣ ሲያትል
ቃል የተሰጠበት ቀን፦ ሜይ 12፣ 2025፣ ከጠዋቱ 4 ሰዓት

እኔ ቃሌን የምሰጠው፣ ሲያትል ካለ ሐበሻ አናጺ ሁሉ የኢንጂነር ወረቀት አንብቦ የሚገባው እኔ ብቻ ስለሆንኩ ነው። ሁሉ ማለቴ እንኳን በዛ፤ ከማታ ትምህርት ክፍላችን በሉት። ያነበብኩትም አንድ ወረቀት ነው። አንዱ ግን ለጌዴዎን ይበቃዋል።

ጌዴዎን የሥራ ተቋራጭና አለቃዬ ነው። መፈረም ስለማልችል ስድስት ዓመት ሙሉ ሰው ፊት «አሻራው» እያለ ጠርቶኛል። ማታ መማር ከጀመርኩ ስምንት ወር እንደሆነኝ አልነገርኩትም።

ሌክ ሲቲ አንድ አፓርታማ ሁለተኛ ፎቅ ላይ በረንዳ እንሠራ ነበር። ኢንጂነሯ ልዕልት የበረንዳውን ቢም፣ ሸክሙን የሚይዘውን አግዳሚ ማለቴ ነው፣ ያሰላችው ከባዱ የሲሚንቶ አበባ ሳጥን ከግድግዳው አራት ጫማ ርቀት ላይ እንዲቀመጥ ነው። ስሌቷ ውስጥ ጫፉ የሾለ ቅንፍ አይቼ ምንድነው ብላት፣ «ጋሼ አበጀ፣ ከግድግዳው ተነሥተው በቢሙ ላይ እየሄዱ ነው ይበሉ። አራት ጫማ እስኪደርሱ ቅንፉ ዜሮ ነው፤ ሳጥኑ የለም። አራትን ሲያልፉ ክብደቱ ስሌቱ ውስጥ ይገባል» አለችኝ።

ማክሰኞ ሜይ 6፣ ከጠዋቱ 3 ሰዓት ገደማ፣ ጌዴዎን ለወንበር ቦታ እንዲተርፍ ብሎ ሳጥኑን ዘጠኝ ጫማ ላይ፣ ወደ በረንዳው ጫፍ አስቀመጠው። ከዚያም የልዕልትን ወረቀት ሰጥቶኝ፣ «ኦኬ አሻራው፣ ይሄን ጋርቤጅ ጣልልኝ፤ ላንተ እንደሁ ሁሉም ጭረት ነው» አለኝ። በምትኩ ግድግዳው ላይ የሰቀለውን ወረቀት አነበብኩት። ቅንፉ ውስጥ የነበረው አራት ወደ ዘጠኝ ተለውጧል፤ ከሥሩ ያለው መልስ ግን አልተነካም። ሳጥኑ አምስት ጫማ ተጉዞ መልሱ እንዴት ባለበት ይቀራል? ይህንኑ ብነግረው፣ «አሻራው ደግሞ መቼ ኢንጂነር ሆነ?» ብሎ ሳቀብኝ።

ሐሙስ ከቀኑ 8 ሰዓት ላይ ቢሙ ከግድግዳው ሥር ተሰብሮ፣ ከታች ቀለም ይቀባ በነበረው የሥራ ባልደረባዬ ውብአየሁ ላይ ወደቀ። ሁለት እግሩ ተሰብሯል። ጌዴዎን አሁን «ውብአየሁ ብሎኑን ሳያጠብቅ ቀርቶ ነው» ይላል። ሐሰት ነው። ጥሎልኛል ብሎ የሚያስበው የልዕልት ወረቀት ይኸው፣ ከዚህ ቃል ጋር አስረክቤአለሁ። ፈቃዱን ቀሙት፤ ሰው በተሰበሰበበትም ስሙን ጥሩት።

ቃሌ ተጽፎ ሲያልቅ ማንም ሳያነብልኝ ራሴ አነበብኩት። አንድ ቦታ ፈጠራ ነው። መልሱ አለመነካቱን ለጌዴዎን አልነገርኩትም፤ እሱም አልሳቀብኝም። ወረቀቱን ኪሴ ከትቼ ወደ ሥራዬ ተመለስኩ። ዓርብ የከተማው ኢንስፔክተር ሲመጣ ሰው ሁሉ እየሰማ ላነብለት ነበር። ሐሙስ ውብአየሁ መሰላሉን ተሸክሞ ከቢሙ ሥር ሲገባ አይቼዋለሁ።

ሌላው ሁሉ እውነት ነው።

የምስክሩ ፊርማ፦ አበጀ አማረ (በራሱ እጅ)
የአስተርጓሚው ፊርማ፦ ናኦል
ቃሉን የተቀበለው መኮንን ፊርማ፦ ________