ጋሼ ግልብጥና የመዳቧ ወፍ

ከቅርብም ከሩቅም መጥታችሁ ከጎናችን የቆማችሁ ወዳጅ ዘመዶች፤ ዛሬ የምንሸኛቸውን የአጎታችንን ዜና ሕይወት እንዳነብ የታዘዝሁት እኔ የእህታቸው ልጅ ነኝ። ጽሑፉን ከማረፋቸው ከሁለት ወር በፊት መስመር በመስመር ያረሙት ራሳቸው ስለሆኑ፣ የጎደለ ቢገኝ የእኔ፣ የበዛ ቢገኝ ግን የእርሳቸው መሆኑ ይታወቅልኝ።

አጎታችን የጎማ ማኅተም ሠሪ ከነበሩት አባታቸውና ልብስ አጣቢ ከነበሩት እናታቸው የዛሬ ሰባ ዘጠኝ ዓመት ተወለዱ። የአባታቸው መሥሪያ ክፍል ከአንድ ጠረጴዛና ከአንድ በርጩማ በላይ የማትችል ጠባብ ስለነበረች፣ ዳዴ ያሉት በጎማ ቁርጥራጭ ላይ፣ ፊደል የለዩትም ከማኅተሞች ላይ ነበር። ማኅተም ደግሞ ሲታተም እንዲቃና ተገልብጦ የሚቀረጽ ነገር ነውና፣ ትምህርት ቤት በገቡ በመጀመሪያው ሳምንት ስማቸውን ከቀኝ ወደ ግራ ገልብጠው ጽፈው አስረከቡ። መምህራቸው የኪስ መስታወት አውጥተው ካነበቡት በኋላ እየሳቁ “ግልብጥ” ብለው ጠሯቸው፤ ስሙም ተጣብቆባቸው ቀረና፣ ዕድሜ ሲጨመርበት ጋሼ ግልብጥ ሆኖ እስከ ዛሬ ዘለቀ።

ትምህርታቸውን ጨርሰው በሃያ ሁለት ዓመታቸው በሳንቲም ማተሚያ ቤት ተቀጠሩ፤ ሥራቸውም ሳንቲሙ የሚታተምበትን ብረት በእጅ መቅረጽ ነበር። በሦስተኛው ዓመት ከገንዘብ ሁሉ ታናሽ የሆነችው፣ ሁለት ካልሆነች አንዲት ከረሜላ የማትገዛው የመዳብ ሳንቲም አዲስ መልክ እንዲሰጣት ታዘዘ፤ አንጋፋዎቹ ቀራፂዎች ስለናቋት ለእርሳቸው ተተወች። በአንድ ገጿ ቁጥርና ፊደል፣ በሌላው ገጿ ቅርንጫፍ ላይ ያረፈች ወፍ ነበረች። አጎታችን ቁጥሩንና ፊደሉን እንደ ልማዳቸው ገልብጠው ቀረጹ። ወፏ ዘንድ ሲደርሱ ግን ላባዋን አንድ በአንድ ሲያወጡ ደስታው ልባቸውን ስለወሰደው፣ ማገላበጡን ረስተው ልክ በተሰጣቸው ሥዕል ላይ እንዳለች ቀረጿት። በዚህም ምክንያት ወደ ቀኝ ማየት የነበረባት ወፍ፣ ሳንቲሟ ታትማ ስትወጣ ወደ ግራ የምታይ ሆነች። መርማሪዎቹ ክብደቷን፣ ጠርዟንና ቁጥሯን አይተው አሳለፏት፤ ወፏን ልብ ያላት አልነበረም።

ልብ ያሏት አንዲት ወጣት ልብስ ሰፊ ናቸው፤ እነሆ እዚህ ከፊታችን ተቀምጠዋል። አዲሷን ሳንቲም ለማስተዋወቅ በየግድግዳው ከተለጠፈው ወረቀት አንዱን ገንጥለው በብብታቸው ሸጉጠው፣ ባለሱቅ ሐሰተኛ ሳንቲም ሰጠኝ ሲሉ ማተሚያ ቤቱ በር ላይ ደረሱ፤ ከዚያም ወጥተው ባለሱቁን ለፖሊስ ሊያስይዙ ቆርጠው ነበር። በወረቀቱ ላይ ያለችው ወፍ ወደ ቀኝ፣ በእጃቸው ያለችው ወደ ግራ ታያለች። የግራና የቀኝ እጅጌ የማያምታታ ዓይን ይህን አያልፈውም። ዘበኛው አጎታችንን አስጠርቶ ሁለቱን ጎን ለጎን ባሳያቸው ጊዜ ወፏን ማገላበጥ እንደረሱ ገባቸው። ሐሰተኛ ናት ብለው ቢሸኟቸው ነገሩ በዚያው ባበቃ ነበር፤ ምንም የማያውቀው ባለሱቅ ግን ይታሰራል። ስለዚህ ወደ ጥግ ወስደዋቸው “ሳንቲሟ እውነተኛ ናት፤ ስህተቱ የእኔ ነው” አሏቸው። ልብስ ሰፊዋም “እንግዲያው እርስዎ ይንገሯቸው፤ እኔ አልናገርብዎትም” ብለው ወረቀቱን ጠቅልለው ሄዱ። በዓመቱ ተጋቡ።

አጎታችን ሊናገሩ ሦስት ጊዜ ወደ አለቃቸው ገብተዋል፤ አንድ ጊዜ ፈቃድ፣ አንድ ጊዜ ሞረድ ጠይቀው፣ በሦስተኛው ሰላምታ ብቻ ሰጥተው ተመለሱ። ከመባረሩ ይልቅ የፈሩት፣ የማኅተም ሠሪ ልጅ ማገላበጥ ረሳ መባልን ነበር። ሁለት ሴት ልጆችን ወልደው በወግ በማዕረግ አሳደጉ፤ አንደኛዋ ነርስ፣ ሁለተኛዋ የአውቶቡስ ሾፌር ናቸው። ቤታቸው ሳቅ የማይጠፋበት ቤት ነበር።

ሳንቲሟ ሃያ ዘጠኝ ዓመት ከሠራች በኋላ መዳቡ ከዋጋዋ በላይ በመወደዱ እንድትቀር ተወሰነ፤ በየጆንያው ተመልሳም እዚያው ማተሚያ ቤቱ ምድጃ ውስጥ ገባች። ስህተታቸው አብሮ ስለቀለጠ እፎይ ማለት ሲገባቸው፣ አጎታችን ቤት ገብተው ምግብ አልበላ አላቸው። “ወፌን አቀለጧት” አሉ። ባለቤታቸው መቀሳቸውን አንሥተው የመኝታ ቤቱን መጋረጃ ጫፍ ተረተሩት፤ ስድስት የመዳብ ሳንቲሞች ወለሉ ላይ ወረዱ። መጋረጃ ነፋስ እንዳያነሣው ጫፉ ክብደት ይፈልጋልና፣ ለዚህ ከእርሷ የረከሰ ነገር ስላልነበረ፣ በሰፉት መጋረጃ ሁሉ ውስጥ ሲከቷት ኖረዋል። አጎታችን የዚያን ዕለት እንደ ሕፃን አለቀሱ፤ እራታቸውንም በሉ። ጡረታ ከወጡ ወዲህ በየመንገዱ ሲሄዱ ቀና ብለው የሰው መስኮት የሚያዩት ለምን እንደነበር ዛሬ የገባችሁ ትኖራላችሁ።

በመጨረሻ ልባቸው ደከመና ስምንት ወር በመስኮቱ አጠገብ ተኝተው፣ የመጋረጃውን ጫፍ በጣታቸው እየዳሰሱ ቆዩ። አንድ ከሰዓት በኋላ ይህን ጽሑፍ እንዳዘጋጅ ጠርተውኝ፣ “ለአለቆቼ ሳልናገር ቀረሁ፤ አንተ ለሁሉም በአንድ ጊዜ ንገርልኝ” አሉኝ። ባለቤታቸው ከስፌት መኪናው ሳይነሡ እየሳቁ እንባቸውን ጠረጉ፤ ቃላቸውን ጠብቀው ለአንድ ሰው እንኳ ሳይናገሩ፣ እርሳቸው ራሳቸው እስኪናገሩ ሃምሳ አራት ዓመት ታግሠዋልና። አጎታችን ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት በሰላም ዐረፉ።

ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውን፣ አምስት የልጅ ልጆቻቸውን፣ አንዲት እህታቸውንና ይህን አንባቢ ትተው ሄደዋል። ከእናንተም መካከል የባለቤታቸው መጋረጃ ያልተሰቀለበት ቤት ያለው ጥቂት ነው። ዛሬ ስትመለሱ ጫፉን ዳሰስ አድርጉት። ወደ ግራ የምታይ ወፍ ብታገኙ ሐሰተኛ አይደለችም፤ የአጎታችን እጅ ናት።

በትንሿ ነገር ላይ ደስታቸውን ያፈሰሱትን የእኒህን ሰው ነፍስ ፈጣሪ በሰላም ያሳርፍልን፤ እኛንም ያጽናን።