መድኃኒቱን የደበቀስ?

እስቲ እናንተ አንባቢዎች፣ ሐኪም ፊት ቁጭ ብላችሁ «ቤት ውስጥ እያፈሉ የሚጠጡት ነገር አለ ወይ?» ተብላችሁ ስትጠየቁ ስንቶቻችሁ እውነቱን ተናገራችሁ? አትሽኮርመሙ! ዓይናችሁንም ወደ መሬት አትስበሩ። ወይዘሮ ጌጤም እንደ እናንተው ዓይናቸውን የሚሰብሩ ሰው ነበሩ፤ ያ የሐሙስ ረፋድ እስኪመጣ ድረስ።

ወይዘሮ ጌጤ ስድሳ አራት ዓመታቸው ነው። ናይሮቢ፣ ኪሊማኒ ሰፈር ውስጥ ከልጃቸው ከማርታ ጋር ይኖራሉ። ጸሎት አያስታጉሉም፣ ለመልስም አያንሱም። በዚያ ረፋድ ላቪንግተን ከሚገኘው የእኅቶች ጸሎት ወጥተው ወደ መታቱ ሚኒባስ መቆሚያ ሲያዘግሙ እግራቸው ወደለመደው አጥር ወሰዳቸው። ከአንድ ትልቅ ግቢ የብረት አጥር ላይ ጽጌረዳ ተንዠርግጓል፤ አበባው ረግፎ ፍሬው እንደ ፍም ቀልቷል። ከሦስት ሳምንት በፊት ሲያገኙት «ቀጋ! በሰው አገር ቀጋ!» ብለው እልል ሊሉ ምንም አልቀራቸውም ነበር። ከዚያ ወዲህ በየሐሙሱ በፌስታል እየለቀሙ ይወስዳሉ።

«እማማ ጌጤ! የሰው አጥር ሲዘርፉ እጅ ከፍንጅ ያዝኩዎት!»

ደንግጠው ዞር ሲሉ ጢሞቴዎስ ነው፤ የጎረቤታቸው ልጅ። ናይሮቢ ያደገ፣ ፋርማሲ የተማረ፣ እዚያው ሰፈር በአንድ ክሊኒክ መድኃኒት ቤት የሚሠራ ወጣት ነው።

«ዘራፊስ የአንተ ቢጤ! ይህንኑ ፍሬ በካርቶን አሽጎ፣ ሥዕል ለጥፎ መልሶ የሚሸጥልን» አሉት፤ እጃቸው ግን ከመልቀም አልቦዘነም።

«ኧረ ፖሌ፣ ይቅርታ እማማ፣ እኔ ካርቶን አላሽግም» አለ እየሳቀ። «ለመሆኑ ምን ያደርጉታል?»

«አፈላዋለሁ። እናቴ ስታፈላ አይቻለሁ። ከጧት እስከ ማታ ይንተከተካል፤ ጠቁሮ ሲወፍር ያኔ ነው መድኃኒት የሚሆነው።»

«ለማን ነው የሚያፈሉት?»

«እሱን አትጠይቀኝ። መድኃኒት ከተወራ ይከሽፋል።»

እዚህ ላይ ነው ደም የሚፈላው! «ከተወራ ይከሽፋል!» የስንቱ አዋቂ ዕውቀት ከነባለቤቱ አፈር የገባው በዚህች ቃል ነው። አባት ለልጁ ሳይነግር ይሞታል፤ ልጅ በግምት ሲቀምም ሰው ይገድላል፤ ለቀስተኛውም «ቀኑ ደርሶ ነው» ብሎ ይሄዳል። የሚከሽፈው መድኃኒቱ ሳይሆን ሰው ነው።

ጢሞቴዎስ መልስ ሳይሰጥ የግቢው በር ተከፈተና አንድ ሽማግሌ አትክልተኛ ወጡ። የመርጫ ታንክ አዝለዋል፤ አፍና አፍንጫቸውን ሸፍነዋል፤ እጃቸው ላይ እስከ ክርን የሚደርስ የላስቲክ ጓንት አለ። ፌስታሉን ሲያዩ በድንጋጤ ሁለት እጃቸውን አነሡ።

«ሃፓና ማማ! ሃፓና! ሱሙ!»

«አይሆንም፣ መርዝ ነው እያሉዎት ነው» አለ ጢሞቴዎስ፤ ሳቁ ከፊቱ ጠፍቷል። በስዋሂሊ ጥቂት ካነጋገራቸው በኋላ ወደ ወይዘሮ ጌጤ ተመለሰ። «ጽጌረዳውን በየረቡዑ ፀረ ተባይ ይረጩታል። ትናንት የውጭውን ረጩ፤ ዛሬ የውስጡን እየጨረሱ ነው።»

በየረቡዑ! እሳቸው ደግሞ የሚለቅሙት በየሐሙሱ! ወይዘሮ ጌጤ ፌስታሉን ከፍተው አዩ።

«አጥበዋለሁ እኮ።»

«ውሃ የላይ የላዩን ቢያነሣ ነው፤ ውስጥ የገባውን አያወጣም። ሰውየው እየረጩ እንኳ አፋቸውን ሸፍነዋል፤ እርስዎ ግን ይጠጡታል።»

«እኔ መቼ ጠጣሁት!»

ቃሉ አምልጧቸው ነበር። ፌስታሉ ከእጃቸው ወደቀ፤ ቀያዮቹ ፍሬዎች አስፋልቱ ላይ ተንከባለሉ።

«እርስዎ ካልጠጡት ማን ነው የጠጣው?»

«ማርታ» አሉ በሹክሹክታ።

ማርታ የሰባት ወር ነፍሰ ጡር ናት፤ የመጀመሪያዋ ነው። ባሏ እዮብ ለሥራ ሞምባሳ ሄዷል። ሰኞ ዕለት ሆዷን ቆርጧት ከእናቷ ጋር ሆስፒታል ሄዳ ምክንያቱ አልታወቀም፤ «ዕረፍት አድርጊ፤ ከባሰብሽ ተመለሺ» ተብላ ነበር የመጣችው።

ጢሞቴዎስ ታክሲ አስቁሞ አስገባቸው። መኪናው ሳይንቀሳቀስ ጥያቄው ቀጠለ።

«ከቀጋው ጋር ሌላ ምን አለ?»

ወይዘሮ ጌጤ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩ።

«እማማ፣ ፕሊዝ!»

«ጤና አዳም።»

«ምን ያህል?»

«ያው እፍኝ ነው። ሰኞ ሲቆርጣት ጊዜ ደግሞ ጨመርኩበት፤ የቁርጠት መድኃኒት አይደል?»

«እፍኝ!» አለ ጭንቅላቱን ይዞ። «አንድ ቅጠል አይብ ላይ ጣል ማድረግና እፍኝ ሙሉ አፍልቶ መጠጣት አንድ ነው እንዴ? ጤና አዳም ሲበዛ ማሕፀን ያኮማትራል። ነፍሰ ጡር እንዲህ አፍልታ አትጠጣውም።»

«ስሙ ራሱ ጤና አይደለም ወይ?»

«በስም ቢሆንማ እኔም ጢሞቴዎስ ነኝ፤ ጳውሎስ ግን ደብዳቤ ጽፎልኝ አያውቅም!»

ሌላ ቀን ቢሆን ከልባቸው ይስቁ ነበር። አሁን ግን የነጠላቸውን ጫፍ እያፍተለተሉ መንገዱን ብቻ ያዩ ነበር።

ቤት ሲደርሱ ማርታን ሶፋው ላይ ጋደም ብላ አገኟት። ፔርሙሱ አጠገቧ ነው፤ ሲኒው ባዶ ነው።

«እማዬ፣ ዛሬስ ጨርሼዋለሁ» አለች ሕፃን ልጅ መድኃኒቷን ጠጥታ እንደምትኮራ ሁሉ።

ወይዘሮ ጌጤ በሩን ተደግፈው ቀሩ። ጢሞቴዎስ የሆስፒታሉን ካርድ ከማርታ ተቀብሎ አነበበ፤ ደግሞም አነበበ። ከዚያ ጣቱን አንድ መስመር ላይ አሳረፈ።

«‹ከባህል መድኃኒት የሚወስዱት፦ ምንም› ይላል። ማን ነው እንዲህ ያለው?»

«ዶክተሯ ስትጠይቀኝ እማዬን አየኋት» አለች ማርታ ግራ ተጋብታ። «እማዬ ራሷን ነቀነቀች። እኔም ‹ኖ› አልኩ።»

ይኸውላችሁ! በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባላል። መድኃኒቱን የደበቀስ? ሐኪሟ የዓመታት ትምህርቷን ይዛ ተቀምጣለች፤ መሣሪያው ተደርድሯል፤ አንዲት እናት ግን በአንድ የራስ መነቅነቅ ሁሉንም ዕውር አደረገችው። በገዛ ልጇ ላይ! ከፍቅር ብዛት! ክፋት ቢሆን ኖሮ መድኃኒቱ በቀለለ ነበር።

«ለምን ደበቁ እማማ? ለምን?» አለ ጢሞቴዎስ፤ ድምፁ ከፍ ብሎ ነበር።

ያን ጊዜ ወይዘሮ ጌጤ ቀና አሉ። ዓይናቸው እንባ አዝሏል፤ አንደበታቸው ግን አልታሠረም።

«ለምን ደበቅሽ ትለኛለህ? አምና ለጉልበቴ ዝንጅብልና ዳማከሴ እጠጣለሁ ብልህ መድኃኒት ቤትህ በር ላይ ሰው እየሰማ አልሳቅህብኝም? ‹እማማ፣ ይኼ የድንጋይ ዘመን ነው› አላልከኝም? ያቺ ዶክተርም ስትጠይቀን ፊቷን ኮስተር አድርጋ ነው። እናንተ ትስቃላችሁ፣ እኛ እንደብቃለን። መደበቁንስ ማን አስተማረኝ?»

ጢሞቴዎስ ካርዱን ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠ። ለክርክር የመጣ ሰው እንዲህ ያለ ምት አይጠብቅም።

«ስቄያለሁ» አለ። «ይቅርታ ያድርጉልኝ። ግን እኔ በሳቅሁ ማርታ ትቀጣ?»

ወይዘሮ ጌጤ የተደገፉትን በር ለቀቁ። ወጥ ቤት ገቡና ከዱቄት ማስቀመጫው ጀርባ አንዲት የውሃ ፕላስቲክ አወጡ፤ ግማሽ ድረስ ድፍርስ ቡናማ ነገር አለባት።

«ይኸንንም አንድ አንድ ማንኪያ ጨምሬበታለሁ። የቤተ ክርስቲያናችን ወንድም ባንታየሁ ናቸው ከአምልኮ በኋላ የሰጡኝ። ‹ሰባት ዓይነት ሥር ነው፤ ለማንም እንዳትነግሪ› ብለውኛል። ውስጡ ምን እንዳለ እኔም አላውቅም።»

ማርታ ሆዷን በሁለት እጇ አቀፈች።

ፔርሙሱን፣ ፕላስቲኩን፣ የተረፈውን ፍሬ ሁሉ ይዘው ሆስፒታል ሄዱ። በዚህ ጊዜ ወይዘሮ ጌጤ አንድም ሳያስቀሩ ተናገሩ፤ ጢሞቴዎስ ቃል በቃል ተረጎመ። ዶክተሯ አልተቆጣችም፤ አልሳቀችምም። ጻፈች። «ፀረ ተባዩንና ጤና አዳሙን አሁን ስላወቅሁ ምን እንደምከታተል አውቃለሁ። ሦስተኛው ግን ምንድን ነው?» አለች ፕላስቲኩን ወደ ብርሃኑ ከፍ አድርጋ።

ጢሞቴዎስ ለወንድም ባንታየሁ ደወለ። ሰውየው ጥያቄውን እስከ መጨረሻው ሰሙ፤ ከዚያም «መድኃኒት በስልክ አይነገርም» ብለው ዘጉት። አንዲት ነፍሰ ጡር አልጋ ላይ ተኝታ ሳለ ዘጉት! ይህን የሰማ ካልተናደደ ደሙን ያስመርምር።

የፅንሱ ልብ ምት በመሣሪያው ሲሰማ ወይዘሮ ጌጤ ኮሪደሩ ላይ ተንበረከኩ። ማርታ ግን ሁለት ቀን በክትትል መቆየት ነበረባት። እሷ ስትተኛ እናቷና ጢሞቴዎስ ወንበር ላይ ጎን ለጎን ተቀመጡ።

«እንግዲህ ቀጋን እርም ልበል?» አሉ ወይዘሮ ጌጤ።

«ለምን እማማ? ቀጋ ምን በደለ? መርዝ ያልተረጨ፣ ከየት እንደመጣ የሚያውቁት ይሁን። ቀኑን ሙሉ ሲንተከተክ ደግሞ ጥቅሙ በሙቀቱ ይጠፋል። የፈላ ውሃ አፍስሰውበት ከድነው አሥር ደቂቃ ቢያቆዩት ይበቃል። ውስጡ ያለው ጠጉር ጉሮሮ ስለሚቧጥጥ...»

«ጠጉሩንስ እኔ ላስተምርህ!» አሉ፤ ከጧት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ ብለው። «ልጆች ሆነን አንገት ውስጥ እየጨመርን ስንተላለቅበት ነው ያደግነው። ፍሬውን ሰንጥቀህ፣ ዘሩንና ጠጉሩን ጠርገህ፣ አጥበህ፣ በኋላም በነጭ ሻሽ ታጠልለዋለህ። ይኸን ትምህርት ቤት አልነገሩህም?»

«ሻሹን አልነገሩኝም» አለና ስልኩን አውጥቶ ጻፈው። «እርስዎ ደግሞ በእያንዳንዱ ጠርሙስ ላይ ምን እንደሆነና መቼ እንደተፈላ ይጻፉበት። ለታመመና ለነፍሰ ጡር ሐኪም ሳይጠየቅ ምንም አይሰጥ።»

«ይጻፋል» አሉ። «ይነገራልም።»

ማርታ ቅዳሜ በሰላም ወጣች። በማግስቱ እሑድ፣ በቤተ ክርስቲያን የምስክርነት ሰዓት ሲደርስ ወይዘሮ ጌጤ ማይክሮፎኑን ተቀበሉ። ሰዉ እንደ ወትሮው «አሜን» ሊል አፉን አሰናድቷል። እሳቸው ግን ከቦርሳቸው ያቺን የውሃ ፕላስቲክ አወጡ።

«ወገኖቼ፣ ልጄን በገዛ እጄ መርዝ አጠጥቻታለሁ» አሉ። አዳራሹ እንደ መቃብር ጸጥ አለ። «እግዚአብሔር አተረፋት። ቀጋ ነው ብዬ የተረጨ ፍሬ አፈላሁ፤ ጤና አዳም በእፍኝ ጨመርኩ፤ ሐኪም ስትጠይቀን ደበቅሁ። ይኸው ተናገርኩ፣ ምንም አልከሸፈብኝም! የተናገርኩ ዕለት ሐኪሟ አወቀች፤ ሐኪሟ ስታውቅ ልጄ ዳነች። የተነገረ መድኃኒት ይመዘናል፤ የተመዘነ ይታረማል፤ የታረመውን የልጅ ልጆቻችን ይወርሱታል። የተደበቀው ግን ከእኛ ጋር ይቀበራል፤ ያውም ብቻውን አይቀበርም።»

ከዚያ ፕላስቲኩን ከፍ አድርገው ሦስተኛው ረድፍ ላይ ወደተቀመጡት ሰው ዞሩ።

«ወንድም ባንታየሁ፣ ይኸን የሰጡኝ እርስዎ ነዎት። ሐኪሟ በስልክ አስጠየቀችዎት፣ ዘጉት። ከዚህ ጉባኤ ስንት እኅት ይህችን ፕላስቲክ ዱቄት ጀርባ ደብቃለች? በጆሮዬ አይንሾካሾኩልኝ፤ ውጭ በር ላይም አይጠብቁኝ። ይነሡና እዚሁ፣ ሁሉም እየሰማ፣ ይመልሱ፦ ውስጡ ምንድን ነው?»