ቴምብሩን አመሰግናለሁ፤ ፖስታውስ የት ገባ?

ክቡራትና ክቡራን፣ እዚህ ቴክሳስ፣ አዲሰን ከተማ ያላችሁ የማሸጊያ ክፍል ባልደረቦቼ፣

ይህን የጡረታ መሸኛ ምሳ ላሰናዳችሁልኝ፣ ከየቤታችሁ ድስት ተሸክማችሁ ለመጣችሁ ሁሉ እግዜር ይስጥልኝ። አለቃችን አየለ "ጋሼ፣ አጠር ያድርጉት፣ የምሳ ብሬክ አጭር ናት" ብሎኛል። አየለን እዚህ ሥራ ያስገባሁት እኔ ነኝ። ዛሬ እሱ ሰዓት ይይዝብኛል። ይሁን፣ አይከፋኝም።

ከባልደረቦቼ ጋር ለመጣችሁ እንግዶች፣ እኔ ሞላልኝ እባላለሁ፤ ሥራችን የድሮ ቴምብር ማሸግ ነው። መሥሪያ ቤቱ በጨረታ ይሸጣል፣ እኛ ጠቅልለን ለገዢው እንልካለን። አንዱ ሐበሻ ሌላውን እየጎተተ ክፍሉን ሞላነው። አንድ ፈረንጅ ቢቀጠር እሱ ነው አማርኛ የሚማረው።

አሁን ደግሞ ይህን ፍሬም ሰጣችሁኝ። ከየቤታችሁ የድሮ ደብዳቤ ላይ ቴምብር ቆርጣችሁ፣ ለጥፋችሁ፣ የቴክሳስን ካርታ ሠርታችሁበታል። ዳላስ ላይ አንበሳ ተቀምጧል፣ ፎርት ዎርዝ ላይ ዋልያ ቆሟል። ኤል ፓሶ አካባቢ ሙጫው ትንሽ በዝቷል፤ ግድ የለም። የሐሳቡ ባለቤት እናትነሽ ናት አሉ። አብዛኛው ቴምብርም ከእናቷ ደብዳቤዎች የመጣ ነው።

ልቤ ተነክቷል። ግን እናትነሽ፣ አንድ ጥያቄ አለኝ። ቴምብሮቹ እዚህ ናቸው፤ ፖስታዎቹስ የት ገቡ?

እጅሽን አታወዛውዢብኝ። "ጋሼ፣ እሱን በኋላ፣ መጀመሪያ ይናገሩ" ትይኛለሽ። እሺ፣ እናገራለሁ። መልሱን ሳልሰማ ግን ከዚህ ክፍል አልወጣም።

ለምን እንዲህ ድርቅ እንደምል እንዲገባችሁ ስለ አንድ ነጋዴ ላውራችሁ። ቶባያስ ሬንሾ ይባላል። በንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን ሊቨርፑል ላይ ጥጥ ይነግድ ነበር። የስብስቡ ርዝራዥ እኛ ጋ ለጨረታ ሲመጣ፣ ካታሎግ የምትጽፈው ሄቨን ታሪኩን አነበበችልኝ። ሄቨን እዚሁ የተወለደች ልጅ ናት፤ አማርኛዋን ታውቁታላችሁ። "ጋሼ ሞላልኝ፣ ይሄ ሰውዬ ክሬዚ ነው። ሁሉም ሰው ላፍ አደረገበት፣ እሱ ስቶፕ አላደረገም" አለችኝ። ከዚህ ያጠረ የሕይወት ታሪክ ሰምቼ አላውቅም። አንድም የጎደለው ነገር ግን የለም።

ሬንሾ ከየወደቡ ደብዳቤ ይደርሰዋል፤ ከካልካታ፣ ከእስክንድርያ፣ ከዚህ ከኛው ከጋልቨስተን። ያኔ ቴምብር ገና አዲስ ነገር ነው። ማን ይሰበስበዋል? ሰው ደብዳቤውን አንብቦ ምድጃ ውስጥ ይጨምረዋል። እሱ ግን ማስቀመጥ ጀመረ። ነጋዴ ጓደኞቹ "በስተርጅና የልጅ ጨዋታ ያዝክ?" ሲሉት፣ "ልጆቼ አድገዋል፤ ከቤታችን አንድ ሰው መጫወት አለበት" ይላቸው ነበር አሉ።

በኋላ ሌሎች ሰብሳቢዎች ብቅ ብቅ ሲሉ ከነሱም አልተስማማም። እነሱ ቴምብሩን እየላጡ፣ ጠርዙን በመቀስ እያስተካከሉ ደብተር ላይ ይለጥፋሉ። ሬንሾ መቀስ አያስነካም። ፖስታውን ከነቴምብሩ፣ ከነማህተሙ፣ ከነእድፉ ነው የሚያስቀምጠው። ለምን ቢሉት፣ "ቴምብሩ የተከፈለውን ይነግረኛል፤ የመጣበትን መንገድ የሚነግረኝ ፖስታው ነው" አለ።

ከዚያ እዚህ አገር የእርስ በርስ ጦርነት ተነሣ። የቴክሳስ ጥጥ ቀረ፣ ሬንሾም ከሰረ። ሠረገላው ተሸጠ፣ ቤቱ ተሸጠ። አንድ ሀብታም መጥቶ "ቴምብሮቹን እየቆረጥክ ሽጥልኝ፤ ወረቀቱን አልፈልገውም" አለው። እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? እኔ እውነቱን ልንገራችሁ፣ መቀስ ፍለጋ እሮጥ ነበር። እሱ ግን "እንዳለ ካልሆነ አይሸጥም" ብሎ ሸኘው። አንዲት ክፍል ተከራይቶ፣ ሣጥኖቹን አልጋው ሥር ከትቶ፣ ንግዱን እንደገና ሀ ብሎ ጀመረ። ቀስ እያለ መልሶ ቆመ።

ሲሞት ልጆቹ አባታቸውን ማክበር ፈለጉ። ክፉ ልጆች አልነበሩም። የሚያምር የቆዳ አልበም አሠሩ፣ ተሰብስበው ቁጭ ብለው ቴምብሩን ሁሉ ቆረጡ፣ አሳምረው ለጠፉ፣ ፖስታዎቹን አቃጠሉ። አያችሁልኝ? ድህነት ያልደፈረውን ነገር ፍቅር ጨረሰው። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው እንዲህ ያለውን ነው።

አንዲት ፖስታ ብቻ አመለጠች፣ ከጋልቨስተን የተላከች። እኔ ነኝ ያሸግኳት። እናትነሽ፣ አጠገቤ ነበርሽ፤ ታስታውሺያለሽ? ጥጓ ላይ የአንድ ሰው አውራ ጣት በቀለም ታትሞ ነበር። "ጋሼ፣ ይሄ ሰውዬ እጁን አይታጠብም እንዴ?" አልሽኝ፤ እንባችን እስኪመጣ ሳቅን። ከመቶ ሃምሳ ዓመት በላይ ቆይተን በሰውዬው እጅ መሳቅ የቻልነው ፖስታዋ ስለተረፈች ነው።

አሁን ግን ሳቅሽ ጠፍቷል። ንገሪኝ እስቲ።

ምን አልሽ? ደብዳቤዎቹን አስቀመጥሽ፣ ፖስታዎቹን ሪሳይክል ቢን፣ የወረቀት መጣያው ውስጥ ጨመርሽ። ቢኑስ? ጠዋት መንገድ ዳር አወጣሽው። ቆሻሻ የሚያነሣው መኪና መቼ ነው የሚመጣው?

ዛሬ። ከምሳ በኋላ።

አታልቅሺ። አልተቆጣሁም። ስንት ዘመን ቴምብር ስንጠቅልል ኖረን፣ ሌላው ወረቀት ሁሉ ቆሻሻ ቢመስለን ማን ይፈርድብናል? ግን ሳይቃጠል በቅጠል ነው። እናንተም ይህ ሽማግሌ በስንብቱ ቀን ለምን እንደሚሮጥ እወቁልኝ።

የእናትነሽ እናት እማማ አበዛሽ፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ እንግሊዝኛ አያውቁም ነበር። አንድ ቀን ምሳ ላይ እናትነሽ ፖስታቸውን አሳየችኝ። ከላከችላቸው ወረቀት ላይ እያዩ "ካሮልተን፣ ቴክሳስ" የሚለውን የፈረንጅ ፊደል አንድ ባንድ ስለውታል። ሁለቱን ኤል እንደ አጥር እንጨት ጎን ለጎን አቁመዋቸዋል። "ሰው አያስጽፉም?" ብዬ ጠየቅኋት። "እምቢ ትላለች ጋሼ። 'ልጄ ጋ የሚሄደውን እኔው ራሴ እጽፈዋለሁ' ትላለች" አለችኝ።

ይህን አንበሳ ፖስታ ቤቱ በብዙ ሺህ አትሞታል። ጨረታ ላይ ሞልቷል። የእማማ አበዛሽን እጅ ግን ማን ያትምልናል?

ልጄ ፅዮን ቤድፎርድ ከተማ ባለው ቤቷ ውስጥ ሶፋ አዘጋጅታልኛለች። "አባዬ፣ ሪታየር አደረግክ፣ በቃ ሪላክስ አድርግ" ትላለች። ሶፋው ይቆየኝ። ከሰኞ ጀምሮ በየቤታችሁ እመጣለሁ። የድሮ ፖስታ ያለው ሰው መቀሱን ይደብቅ። እንዳለ ሰብስቤ፣ ልጆቻችሁ አባትና እናታቸው በየት በየት አድርገው እዚህ እንደደረሱ የሚያዩበት ቦታ አኖረዋለሁ። የሚስቅብኝ ካለ ይሳቅ። እኔም እንደ ሰውዬው ስቶፕ አላደርግም።

አየለ፣ ሰዓትህን አይቻለሁ። ልመርቃችሁና ልውጣ።

እጃችሁ አይዛል። ያሸጋችሁት ሁሉ ሳይጎዳ ካሰበበት ይድረስ። ልጆቻችሁ በቁመታችሁ ይጡሯችሁ። ደጃችሁን የሚያንኳኳ ወዳጅ፣ አድራሻችሁን በልቡ የሚይዝ ሰው አይጥፋባችሁ። ያስቀየምኩት ካለ ይቅር ይበለኝ፤ እኔ በማንም ቂም የለኝም። እግዚአብሔር በሰላም ያገናኘን።

ሄቨን፣ ፍሬሙን ያዢልኝ፣ ተጠንቅቀሽ። ሌሎቻችሁ ብሉ፣ ጠጡ፣ ለኔም አስቀሩልኝ። ቤልት ላይን መንገድ በዚህ ሰዓት ይጨናነቃል፤ አይታመንም።

እናትነሽ፣ ተነሽ። እኔ እነዳለሁ፤ አንቺ አድራሻውን ንገሪኝ።