ከገብሴ ዳር የሚቆሙት ሽማግሌ

ግምጃ ቤት ከተማ አጠገብ ያለችኝ መሬት ደርግ ከወደቀ በኋላ በመጣው ሽግሽግ ከአያ ፈንቴ ተቀንሳ በዕጣ ለእኔ የደረሰች ናት። እሳቸውም በቀረላቸው መሬት አዋሳኜ ሆኑ። ታዲያ በየዓመቱ ገብሱ ብቅ ሲል ድንበሩ ላይ ይቆሙና ዝም ብለው ያዩታል። እኔም ዓይናቸውን ፈርቼ የእርሻውን ዳር ጠበል እረጭ ነበር፤ እግዜር ይቅር ይበለኝ።

በቀደም ቀያሾች ለአዲሱ የይዞታ ደብተር መሬት ሊለኩ መጡና "አዋሳኝ ድንበሩን ያሳይ" አሉ። ዛሬ እኒህ ሽማግሌ መሬቴን ወሰዱብኝ ብዬ በሆዴ "አባታችን ሆይ" ጀመርኩ። አያ ፈንቴ ዱላቸውን ተመርኩዘው ከድንጋይ ድንጋይ እየሄዱ፣ አንዲት ክንድ ሳያጎድሉ "እስከዚህ የእሱ ነው" አሉና በጣታቸው ፈረሙ።

አላስችል ቢለኝ ጠየቅኋቸው። "አያ፣ ታዲያ በየዓመቱ እዚህ የሚቆሙት ምን ሊያደርጉ ነው?"

"አንት ሞኝ! አባቴ መንጥሮ ያቀናት መሬት አይደለች? መጀመሪያ ሦስት ዓመት የቆምኩት ስረግምህ ነው።"

"ከዚያ በኋላስ?"

"ገብሱ እያማረ ሲሄድ እርግማኑን ተውኩት። ማየቱን ግን መተው አቃተኝ።"