የተቆለፈው የስፌት ትምህርት

የምስክር ቃል
ስም፦ በምስክሯ ጥያቄ ያልተጻፈ፤ በሰፈሩ «እቴቴ» ይባላሉ
ዕድሜ፦ 58
ሥራ፦ የክርና የቁልፍ ነጋዴ
አድራሻ፦ ልብስ ሰፊዎች መደዳ፣ ከሱቃቸው በላይ ያለው ክፍል
ቃል የተሰጠው፦ ረቡዕ ከሰዓት በኋላ

ተከሳሿ ልብስ ሰፊ የእህቴ ልጅ ናት። ከሳሹ ቀድሞ ኢንተርኔት ቤት የነበረው፣ ዛሬ የስፌት ማሠልጠኛ የከፈተው ሰው ነው። «የሥልጠና ቪዲዮዬን ሰርቃ ታስተምርበታለች» ብሎ ስለከሰሳት ተማሪዎቿ ሸሽተዋታል፤ ስሟም ጠፍቷል። ቪዲዮውን የቀረጽኩት ግን እኔ ነኝ። የሚታየው እጅ የእሷ ነው፤ የምስሉ መንቀጥቀጥ የእኔ ነው።

ከዓመታት በፊት ሰው ሁሉ ፋይሉን የሚያስቀምጠው በነጻ ድረ ገጾች ላይ ነበር። እኛም ከዚሁ ሰው ኢንተርኔት ቤት እየሄድን ትምህርቱን በአንድ ጥቅል አድርገን፣ በይለፍ ቃል ቆልፈን ጫንነው። ቃሉን ለተማሪዎቹ በጆሯቸው፣ ሩቅ ላሉት በስልክ እንነግራቸው ነበር። ለማውረድ ገጹ ላይ የሚቆጥረው ሰከንድ እስኪያልቅ መጠበቅ፣ በየመሀሉ ብቅ የሚለውን ማስታወቂያ መዝጋት ግድ ነው፤ ቢሆንም ከማናውቀው አገር ሳይቀር «እጅሽ ይባረክ» ይሏት ነበር። እንዴት ደስ ይለን ነበር! ቆይቶ ድረ ገጾቹ በተሰረቀ ፊልም ተጨናነቁ፣ ያለ ክፍያ አላወርድ አሉ፣ ከዚያም አንድ በአንድ ተዘጉ። የእኛ ያለበትም ተዘጋ። ከሳሹ ኮምፒውተሩ ላይ ሳይቆለፍ የቀረውን ቅጂ የራሱ ያደረገው ማስረጃቸውን ውሃ በላው ብሎ ነው።

ዛሬ ግን አንዲት የድሮ ተማሪ ያኔ ያወረደችውን ጥቅል በፍላሽ ይዛ እዚህ ፖሊስ ጣቢያ መጣች። የይለፍ ቃሉን ረስታዋለች። ከሳሹ ዓይኑን በጨው ታጥቦ «እሱንም የጫንኩት እኔ ነኝ» አለ። መርማሪዋም «እንግዲያው ይክፈቱት» አሉት። የልጆቹን ስም ሞከረ፣ የማሠልጠኛውን ስም ሞከረ፣ ስልክ ቁጥሩን ሞከረ። እምቢ አለው። ላቡን ሲጠርግ ሳቄ ሊያመልጠኝ ደርሶ ነበር። በመጨረሻ የእህቴ ልጅ ቁጭ ብላ «ጋሽ ጉራ» ብላ ጻፈች። ተከፈተ! «እሰይ የኔ ልጅ!» ብዬ በመጮኼ መርማሪዋ ተቆጥተውኛል። እጇም፣ ድምፅዋም፣ ቀኑም ሁሉም እዚያው ነበር።

ጋሽ ጉራ ሰፈሩ ከሳሹን ከኋላው የሚጠራበት ስም ነው። ቃሉን የመረጥኩት እኔ ነኝ። ከሳሹ «ክሴን አንስቻለሁ» ካለ በኋላ ወደ እኔ ዞሮ፣ «እቴቴ፣ ስንት ቃል ሞልቶ ለምን በእኔ?» አለኝ።

«ሁሌ ከኋላችን ቆመህ ታይ ነበራ! ሌላ ሌላውን ሁሉ ብትገምት፣ ራስህን ጉረኛ ብለህ እንደማትጽፍ አውቃለሁ» አልኩት።

ይህ ቃል ተነቦልኝ እንዳልኩት መጻፉን ሰምቻለሁ፤ እውነት ለመሆኑ ፈርሜያለሁ። እሱ ክሱን ቢያነሳም የእኔ ቃል ከመዝገቡ እንዳይነሳ ጠይቄያለሁ።

የምስክሯ ፊርማ ____________
ቃሉን የተቀበሉት መርማሪ ፊርማ ____________